የጋሽ ለምን ሚስማር መቺ ማሽን

ሰፈሩ አናጢውን «ጋሽ ለምን» የሚላቸው ስም ጠፍቶ አይደለም፤ «ለምን?» ሳይሉ የተቀበሉት ነገር ስለሌለ ነው። ሠላሳ ዓመት ሙሉ መዶሻ ጨብጠው ኖረው፣ ዘንድሮ ለባለቤታቸው ከጓሮው በር ፊት ሰፊ የእንጨት በረንዳ ልሥራ ሲሉ ቀኝ እጃቸው ከዳቸው። ይንቀጠቀጣል። ለማንም ትንፍሽ አላሉም። እጁ የሚንቀጠቀጥ አናጢ ማን ይጠራዋል? «ጊዜው የማሽን ነው» አሉና ከባለቤታቸው ጋር ወደ መሣሪያ መሸጫ ሄዱ።

እዚያማ ሻጩን ቁም ስቅሉን አሳዩት! በአየር የሚሠራው ሚስማር መቺ ለምን ቱቦ ይጎትታል? ባለባትሪውስ ለምን ከበደ? ኃይሉ ካልተቀነሰ የሚስማሩ ራስ እንጨቱ ውስጥ ሰርጎ ዝናብ አይቋጥርም? ሚስማሩስ ዝገት አይበላውም? ባትሪውን ነቅለው አፉን ያያሉ፣ ገልብጠው ሆዱን ይዳስሳሉ። ዓይናቸው እንደ ሕፃን ያበራል።

«አይዞህ ልጄ፣ እኔ ስንት ዓመት ችዬዋለሁ» አሉት ባለቤታቸው፣ ወንበር ስበው እየተቀመጡ።

በመጨረሻ ሁለት ማሽኖች ቀሩ። አንደኛው ቃታው እንደተያዘ አፉ እንጨት በነካ ቁጥር ይተኩሳል። ሌላው ለእያንዳንዱ ሚስማር ቃታውን ለቆ እንደገና መሳብ ይፈልጋል።

«እንደ እርስዎ ላለ ባለሙያ ፈጣኑ ነው» አለ ሻጩ። ጋሽ ለምን ልባቸው ሞቅ አለ። መሞከሪያ ጣውላ ቀረበላቸው፤ በግራ እጃቸው ደግፈው፣ በቀኛቸው ቃታውን እንደያዙ የማሽኑን አፍ ነካ አደረጉበት።

ጧ! ጧ!

አንድ ሚስማር በሚበቃበት ቦታ ሁለት ገባ። ሁለተኛው ጣውላውን ሰንጥቆ በጎን ወጣ፤ ከግራ አውራ ጣታቸው የቀረው የአንድ ጣት ስፋት ብቻ ነበር።

ሻጩ ክው አለ። «ይቅርታ ጋሼ፣ ማሽኑ ነው መሰለኝ!»

አዎ ብለው መገላገል ይችሉ ነበር። ግን ዕድሜ ልካቸውን ለምን ሲሉ የኖሩ ሰው፣ መልሱን እያወቁ መዋሸት አቃታቸው። አፈሩ።

«ማሽኑ ምንም አልሆነም። እጄ ነው፤ ይንቀጠቀጣል። ያንን ቀስ ያለውን ስጠኝ» አሉ። ባለቤታቸውን ቀና ብለው ለማየት ፈሩ።

ባለቤታቸው ከወንበሩ ተነሥተው አጠገባቸው ቆሙ።

«ሻይህን ከብርጭቆው ጎደል አድርጌ የምቀዳልህ ለምን ይመስልሃል?» አሉ። «የዓለሙን ሁሉ ስትጠይቅ፣ ይሄን አንድ ቀን እንኳ አልጠየቅከኝም።»