የሃምሳ አለቃው የጡት ልጅ

ሰው በጎረቤቱ ቤት ይቀናል፣ በበሬው ይቀናል፣ በሚስቱ የሚቀናም አለ። እኔ የቀናሁት በሕክምናው ነው።

በደርግ ዘመን፣ ቆቦ ከተማ፣ ከአውራ ጎዳናው ገባ ብሎ ካለው ቤቴ በረንዳ ላይ የስፌት መኪናዬን አውጥቼ ልብስ እሰፋ ነበር። ፊት ለፊቴ የሚኖረው ጎረቤቴ በሃምሳ አለቃነት ጡረታ የወጣ ወታደር ነው። ከምሥራቅ ግንባር ሁለት ጣቱን ትቶ ተመልሷል። እኔ ጠመንጃ ይዤ አላውቅም። ፊደልም ያስተማረኝ የለም፤ ከተቀደደ ጋዜጣና ከስኳር መጠቅለያ ላይ ለቅሜ ነው ያወቅሁት። ስለዚህ ማንም የማይሰጠኝን ነገር በራሴ ጥረት ማግኘት የለመድሁ ሰው ነበርሁ። ሃምሳ አለቃው ያለው ነገር ግን በጥረት የሚገኝ አልነበረም።

ክረምቱ ሲወጣ ወባ ከሜዳው ትነሳለች። የሰፈሩ ልጆች ሁሉ እኩል ይንቀጠቀጣሉ። የእሱ ልጅ ሲንቀጠቀጥ ግን መታወቂያውን ደረት ኪሱ ይከትና ልጁን አዝሎ ወደ ጦር ካምፑ ክሊኒክ ይሄዳል። ከሰዓት በኋላ ኪኒን ይዞ ይመለሳል። ሚስቱ የወለደችው እዚያ ነው። ልጆቹ ጥርሳቸውን የሚነቀሉት እዚያ ነው። እኔ በረንዳዬ ላይ ሆኜ ሲሄዱና ሲመለሱ እያየሁ ስንት ጊዜ ጣቴን በመርፌ እንደወጋሁ እግዚአብሔር ያውቃል።

ለሰው ስናገር «ደሙን አፍስሷል፣ ይገባዋል» እል ነበር። እውነትም ይገባዋል። ግን ይገባዋል ማለት አንድ ነገር ነው፣ አለመቅናት ሌላ። አፌ ትክክለኛውን ሲናገር ልቤ አብሮት አልነበረም። ልጆቼም ይህን እንዲያውቁ እፈልጋለሁ፦ ደግ ቃል መናገር ቀላል ነው፤ ቃሉን ልብ ላይ ማድረስ ነው ከባዱ።

የሰባት ዓመቷ ልጄ አንድ ቀን ወንዝ ስትወርድ ድንጋይ ላይ ወድቃ ቅልጥሟ ተላጠ። ቁስሉ ከላይ ሽሮ ከውስጥ መረቀዘ። አብጦ ፈነዳ፣ ደረቀ፣ እንደገና ፈነዳ። በጤና ጣቢያው ቁስል የሚያጥበው ሰው ጎንበስ ብሎ አይቶ እኔን ወደ ውጭ ጠራኝ።

«በሽታው አጥንት ገብቷል» አለኝ። «ተከፍቶ ካልተጠረገ እግሯን ልታጣ ትችላለች። ይህ የእኛ ሥራ አይደለም። ትልቅ ሆስፒታል ውሰዳት።»

ትልቅ ሆስፒታል መተኛት የእኔን የዓመት ሥራ ይበላል። የነፃ ሕክምና ማስረጃ ልጠይቅ ቀበሌ ሄድሁ። ሊቀመንበሩ ቀና ብሎም አላየኝ።

«ነፃ ሕክምና ለድሃ ነው፣ ጓድ።»

«እኔስ ምንድን ነኝ?»

«አንተማ ባለ መኪና ነህ!»

ተራ የሚጠብቀው ሰው ሁሉ ሳቀ። «መኪናዬ የስፌት ነው፤ ልጅ አያሳፍርም» አልሁት።

«የሚያሳፍር ቢሆን እኔም ከአንተ ጋር እሄድ ነበር» አለና ቀጣዩን ጠራ።

ለድሃነት አልበቃሁም፣ ወታደርም አይደለሁ። ቤቴ ስመለስ ሃምሳ አለቃው ደጁ ላይ ቁጭ ብሎ ማሽላ እሸት ከልጆቹ ጋር ይፈለፍላል። ያን ቀን ሰላም ሳልለው አለፍሁ።

ማታውኑ መጣ። ሚስቴ ነግራው ኖሯል።

«ስማኝ፣ ጎረቤቴ» አለ፣ ወንበር ስቦ። «አዲስ አበባ ያለው የሠራዊቱ ሆስፒታል የጡረተኛ ልጆችን ያክማል። አምስት ልጅ ያለው ሰው ስድስት ናቸው ቢል ማን ይቆጥርበታል? ልጄ ናት እላለሁ፣ አለቀ።»

«ውሸት በቤቴ አይገባም።»

«የምዋሸው እኔ! አንተን ምን አገባህ?»

«ልጄ ትሰማለች።»

ሚስቴ ከጓዳ ሆና «እግሯ ሲቆረጥም ትሰማለች!» አለች።

ልጅቱ መደቡ ላይ ተኝታ እግሯን በነጠላ ሸፍናለች። የቁስሉ ሽታ ቤቱን ሞልቶታል። ያን ጊዜ ነው ማንም ያልጠየቀኝን ነገር የተናገርሁት።

«ውሸት እንዳይሆን እውነት እናድርገው» አልሁ። «የጡት ልጅህ አድርጋት። በሽማግሌ ፊት፣ በፍርድ ቤት።»

ሃምሳ አለቃው ደነገጠ። በእኛ በራያ አገር የጡት ልጅ ማለት ቀልድ አይደለም። አባት የሚሆነው ሰው አውራ ጣቱን ማር ውስጥ ነክሮ ልጁን ያጠባል፤ ከዚያ በኋላ ልጁ የእሱ ነው። ከልጆቹ እኩል ይወርሳል፤ ሴት ከሆነች ስትዳር የእሱም ፈቃድ ይጠየቃል፤ ሲሞት አባቴ ብላ ታለቅሳለች። የሚፈርስ ነገር አይደለም።

«አንተ ሰው» አለ ቀስ ብሎ፣ «እኔ እኮ የጠየቅሁህ ስሟን ለጥቂት ሳምንት እንድታውሰኝ ነው። አንተ ልጅቱን ነው የምትሰጠኝ።»

«ሌላ መንገድ የለም።»

«ሌላ መንገድማ አለ። አንተ ነህ የዘጋኸው።»

ሚስቴ ብቅ ብላ አየችኝ። ተመልሳ ወደ ጓዳ ገባች። እኔም ቃሌን አላጠፍሁም። ዛሬም ቢሆን አላጥፍም፤ ግን ዋጋውን አውቄ ተናገርሁት ብል ይህም ውሸት ይሆናል።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ አንድ ቄስና አንድ ሼህ፣ ከሰፈሩም ሽማግሌዎች እሱ ግቢ ተሰበሰቡ። እንደ አገራችን ልማድ ሁለቱም መረቁ። ሃምሳ አለቃው ጣቱን ማሩ ውስጥ ነክሮ ጎንበስ አለ። ልጄ መጀመሪያ አፈረች፤ ከዚያ ዓይኗን ጨፍና ጠባች።

«ድገመኝ» አለችው።

ግቢው በሳቅ ሞላ። ሼሁ «አላህ ያሽርሽ፣ ልጄ! ማሩን እንጂ ሰውዬውን እንዳትጨርሺው» አሉ። ሃምሳ አለቃው ራሱ እየሳቀ ዓይኑን ይጠርጋል። እኔም አብሬ ሳቅሁ። ሳቄ ግን ከጉሮሮዬ በታች አልወረደም። ያቺ ልጅ ስትወለድ እትብቷ የተቆረጠበትን ምላጭ ያቀበልሁ እኔ ነኝ።

ፍርድ ቤቱ አጸደቀው፤ የጦሩ ጽሕፈት ቤትም ከልጆቹ ጋር መዘገባት። ታማሚ ልጅ የሚያስታምመው መዝገብ ላይ ያለው አባት ነው ተባለ። ስለዚህ አውቶቡሱ ላይ እሷን አቅፎ የወጣው እሱ ነው። እኔ ከታች ቆሜ ስንቋን በመስኮት አቀበልሁ። «እግሯን በዚያ በኩል አድርገው» አልሁት። «አውቃለሁ» አለኝ። አውቶቡሱ ሮቢት ከተማ እስኪደርስ ድረስ ያን «አውቃለሁ» እዚያው ቆሜ ስሰማው ቆየሁ።

ከዚያ በኋላ አዲስ አበባ ባደረ ቁጥር ሆስፒታሉ ድረስ ሄዶ ጠይቆ ወሬ የሚያመጣልኝ የአውቶቡሱ ረዳት ነበር። አንድ ቀን መኪናው ሲቆም ከደረጃው ላይ ሆኖ ጮኸልኝ።

«አባባ! ልጅዎ ኦፕራሲዮን ሆናለች! ደህና ናት!»

«እግሯስ?»

«አለ፣ አለ! አልተቆረጠም! ሃምሳ አለቃው አልጋዋ ሥር መሬት ላይ ነው የሚተኛው። አስታማሚዎቹ ሁሉ ‹እንዲህ ያለ አባት!› እያሉ ነው።»

እግዚአብሔርን አመሰገንሁ። ከምስጋናው ጋር ደግሞ በዚያ ወለል ቀናሁ። በብርዱ ቀናሁ። የእኔ ጎን የሚያርፍበት አልጋ ሞቃት መሆኑ አበገነኝ። ሰው በሌላው ምቾት ሲቀና አይቻለሁ፤ በሌላው ድካም ሲቀና ግን ከራሴ በቀር አላየሁም። ይህን የምጽፈው ቅናት ሁልጊዜ የክፉ ሰው ነገር ብቻ እንዳይመስላችሁ ነው። ክፉ ባትሆኑም ይመጣል። ሥራችሁ እንዳይገዛችሁ መጠበቅ ነው።

የመጡ ቀን የሰፈሩ ሰው አውቶቡስ መቆሚያው ላይ ወጣ። ሃምሳ አለቃው ከስቶ፣ ጢሙን አሳድጎ ወረደ። ቀጥላ እሷ በራሷ እግር ወረደች። እናቷ እልልታዋን አቀለጠችው።

«ሂጂ፣ አባትሽን ሳሚ» አላት ሃምሳ አለቃው፣ ወደ እኔ እየገፋት።

እሷ ቀና ብላ አየችውና «የትኛውን?» አለች።

ሰው ሁሉ ሳቀ። እሱ ግን አልሳቀም፤ ወደ መሬት አየ። ያኔ በጣም ወደድሁት፤ በጣምም ጠላሁት። መጥታ አንገቴ ላይ ተጠመጠመች፤ የሆስፒታል ሳሙና ትሸት ነበር።

የጡት ልጅ ከሩቅ ስትመለስ መጀመሪያ እህል የምትቀምሰው ከጡት አባቷ ቤት ነው። ሃምሳ አለቃው «ይቅር፣ ዛሬ ከእናቷ ጋር ትደር» አለኝ። እሺ ብል ማንም አይወቅሰኝም ነበር። ግን እውነት ይሁን ያልሁት እኔ ነኝ፤ ለእኔ ሲመቸኝ እውነት፣ ሲከፋኝ ጨዋታ ላደርገው አልችልም።

«አይሆንም» አልሁት። «ቅደምና ቤቱን አዘጋጅ። እኔ አመጣታለሁ።»

ሚስቴ አጥባ አለባበሰቻት። እጇን ይዤ ወጣን። በእኔ ቤትና በእሱ ቤት መካከል ያለው መንገዱ ብቻ ነው፤ እኔ ግን በቀበሌው አጥር ዞሬ ወሰድኋት። አረማመዷን አየሁ። አታነክስም። የተሰፋው ቅልጥሟ ከቀሚሷ በታች ይታያል፤ የሰፋው ሰው እጁ ጥሩ ነው፣ እኔ ስፌት አውቃለሁ።

ደጁ ሲታየን በሩ ተከፍቶ መብራቱ ወጣ። ልጆቹ ስሟን እየጠሩ ጮኹ። እጇ ከእጄ ውስጥ ሲንሸራተት ተሰማኝ።

«ቀስ በይ፣ እግርሽ ገና ነው» አልኋት።

እሷ ግን ሮጠች።