ለአባቴ ያላደረስኩት ጥያቄ

እሁድ እሁድ የእኔ ቦታ ከአባቴ በስተግራ ነበር። የቀኝ ጆሮው አይሰማም። ግማሹን የወሰደበት በሥራ ቦታው የጎማ ብሎን የሚፈታበት የአየር መሣሪያ ነው፤ የቀረውን የወሰደበት የውድድር መኪና ሞተር። ለጎማ ሥራው የሚበቃ ኖርዌጅኛ አለው። ውድድር ሜዳ ላይ ግን ሰዎቹ ከየገጠሩ የመጡ ናቸው፤ በየአካባቢያቸው ዘዬ ቶሎ ቶሎ ያወራሉ፤ ከጀርባቸውም ሞተር ይጮኻል። ስለዚህ ከአሥራ ሁለት ዓመቴ ጀምሮ ሰዎች የሚሉትን ሰምቼ በግራ ጆሮው የምነግረው እኔ ነበርኩ። የሚያዩን ሰዎች አባቷን በጣም የምትወድ ልጅ ናት ይሉ ነበር። እወደዋለሁ። ቦታው ግን አደራም ነበር፤ አደራ መሆኑን ያወቅኩት ከበላሁት በኋላ ነው።

አባቴ የወሎ ሰው ነው። በወጣትነቱ የጭነት መኪና ረዳት ነበር። ኦስሎ ከመጣ ጀምሮ ጎማ ይቀይራል። በረዶው ሊመጣ ሲልና ሲሄድ ከተማው ሁሉ ጎማ ስለሚቀይር በእነዚያ ሳምንታት ቅዳሜ እንኳን የለውም። እሽቅድድም የሚወዳደረው በሙቀቱ ወራት፣ እሁድ ብቻ ነው። ያስጀመረው አንድ የሥራ ባልደረባው ነው። ከኦስሎ አንድ ሰዓት ርቆ ጫካ መሀል ወዳለ የጠጠር ሜዳ ወስዶ አሳየው። መስታወታቸው ወጥቶ በምትኩ ሽቦ የተወጠረባቸው አሮጌ መኪኖች አቧራ እያስነሱ፣ እየተገፋፉ ይዞራሉ። አባቴ «ይኼማ የልጅነቴ መንገድ ነው» አለ ይባላል። በዓመቱ ከተጣሉ መኪኖች አንዷን ገዛ። በሁለተኛው ዓመት ለታክሲ ነጂ ጓደኛው ሌላ መኪና አዘጋጀለትና የቡድን ባለቤት ሆነ።

ቡድኑ ሁለት መኪና፣ አንድ ተጎታችና እኔ ነበር። ግሮንላንድ በሚባለው የኦስሎ ሰፈር ጤፍ የምንገዛበት ሱቅ ባለቤት አባቴን ባየ ቁጥር ከመደርደሪያው ጀርባ ይነሳና «ባለቡድኑ መጡ! ዛሬስ ስንት ጎማ ይዘው ተመለሱ?» ይለዋል። እናቴ የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ነው የምትሠራው፤ እሁድ ተረኛ ካልሆነች ቁርሳችንን ትቋጥርልንና «ሰው መኪና የሚነዳው አንድ ቦታ ለመድረስ ነው። አንተ ከተነሳህበት ለመመለስ ይኼን ሁሉ ቤንዚን» ትለዋለች። አባቴ ይስቃል። በመጀመሪያዎቹ አምስት ዓመታት አንድ ጊዜ ብቻ አራተኛ ወጥቷል።

የዚህ ዓይነቱ ውድድር አንድ ሕግ አለው። የተወዳደረች መኪና ሁሉ ለሽያጭ ናት። ውድድሩ ሲያልቅ ማንኛውም ተወዳዳሪ ስሙን በወረቀት ጽፎ ሳጥን ውስጥ ከከተተ የፈለጋትን መኪና በአንድ ቁርጥ ዋጋ ይገዛል። ብዙ ሰው ከጻፈ ዕጣ ይወጣል። ባለቤቱ እምቢ ካለ ከውድድር ይታገዳል። ዓላማው ሀብታሞች ገንዘብ አፍስሰው ድሀውን እንዳያባርሩ ነው፤ ዋጋው ለውድም ለርካሽም መኪና ያው ስለሆነ።

ከሕጉ በላይ ግን ያልተጻፈ ልማድ አለ። ሰው ወረቀቱን ከመክተቱ በፊት ወደ ባለቤቱ ይሄዳል፤ ቅር ይልህ ይሆን ብሎ ይጠይቃል። ባለቤቱ ኔይ፣ አይሆንም ካለ ወረቀቱ ኪስ ውስጥ ይቀራል። የሰውን መኪና የሚጠብቀው ይህ ጥያቄ ብቻ ነበር።

ቀይዋን መኪና አባቴ የሠራት በሦስት የብርድ ወቅት ነው። ከቫይትቬት ቤታችን ቁልቁል፣ ከአንድ የድሮ መጋዘን ግማሹን ተከራይቷል። ከሥራ መልስ እዚያ ይገባል፤ እኔ መብራት እይዝለታለሁ። የኋላውን እግር፣ ጎማዎቹን የሚይዘውን ብረት፣ በሙሉ በራሱ ሐሳብ ቆርጦ፣ በጭነት መኪና ላይ በተማረው መንገድ በየደው። ብየዳው ሲበርድ እጄን ይዞ ያስዳስሰኛል። «ዳሰስሽው? ቆዳ ነው» ይለኛል። እውነትም ስፌቱ አይታወቅም ነበር።

ከሁለት ዓመት በፊት፣ የወቅቱ የመጨረሻ እሁድ፣ አባቴ በዚያች መኪና ሁለተኛ ወጣ። ሄልሜቱን አውልቆ ፊቱን ሊታጠብ ሄደ። ጓደኛው ተጎታቹን ሊያመጣ ሄደ። እኔ መኪናዋ አጠገብ ቀረሁ።

ሜዳው ላይ ጎረቤታችን አንድ ሸምገል ያለ ገበሬ ነበር። ሁልጊዜ ከእኛ ቀጥሎ ነው የሚያቆመው፤ ሚስቱ ቫፍል የሚባለውን ጣፋጭ ቂጣ ስትጋግር ለእኛም ይልክልናል። ያን ቀን መጣና ቁጢጥ ብሎ የመኪናዋን ሆድ ማየት ጀመረ። ይህች መኪና መታጠፊያው ላይ ለምን አትንሸራተትም ብሎ ጠየቀኝ። አስረዳሁት። ብየዳውን፣ ማዕዘኑን፣ ሦስቱን የብርድ ወቅት፣ ሁሉን ነገርኩት። ከልጆቼ የተሻለ ታስረጃለሽ አለኝ። ደስ አለኝ። አሥራ ሰባት ዓመቴ ነበር፤ ትልቅ ሰው ሲያመሰግነኝ ሌላ ነገር አይታየኝም።

ከዚያ ቀስ ብሎ፣ ስሜን ብጽፍ አባትሽ ቅር ይለው ይሆን አለኝ።

አባቴ ሠላሳ እርምጃ ርቆ ፊቱን እየታጠበ ነበር። «ቆይ ልጠይቀው» ማለት እችል ነበር። እኔ ግን «ዴት ጎር ብራ» አልኩት። ምንም አይደለም፣ ችግር የለም ማለቴ ነው።

ለምን እንዳልኩት ብዙ አስቤበታለሁ። አንደኛው ምክንያት፣ ሕግ የሚያከብሩ፣ የማያስቸግሩ ሰዎች መስለን መታየት መፈለጌ ነው። ትምህርት ቤትም እንደዚያ ነበርኩ። ሁለተኛውን ለራሴ እንኳን ያመንኩት ዘግይቼ ነው። እሁዶቼ ሰልችተውኝ ነበር። የክፍሌ ልጆች እሁድ ማዮርስቱን በሚባለው ሰፈር ተገናኝተው ካፌ ሲቀመጡ እኔ ጭቃ ውስጥ ቆሜ የሰው ቃል አመላልስ ነበር። መኪናዋ ብትሄድ እሁዱም የሚሄድ መሰለኝ።

ሳጥኑ ያለው ድንኳን ውስጥ ነው፤ አንዲት ሴት ጠረጴዛ ይዛ ትቀመጣለች። አባቴና እኔ ውጤቱን ልንፈርም ስንደርስ ገበሬው ወረቀቱን ይዞ ቆሟል። ቀጥታ አልከተተውም። ወደ አባቴ ዞረና ተናገረ፤ የቆመው ግን በቀኙ በኩል ነበር።

አባቴ ጎንበስ ብሎ ግራ ጆሮውን ሰጠኝ። «ምን አለ?»

«መኪናዋን ሊገዛ ስሙን ጽፏል» አልኩት።

ይህን ብቻ። ሰውየው የተናገረው ከዚያ ይረዝማል። ርዝመቱን አባቴ ከከንፈሩ ሳያይ አይቀርም፤ ዓይኑ ጥቂት እኔ ላይ ቆየ። ከዚያ እጁን ሱሪው ላይ ጠረገና ሰውየውን ጨበጠው። «ሊከ ቲል» አለው፤ መልካም ዕድል። ሰውየው ፈቀደልኝ ብሎ ወረቀቱን ከተተ። ሌላ ስም የጻፈ አልነበረም።

ወደ ቤት ስንመለስ ባዶው ተጎታች ከኋላችን ይንኳኳ ነበር። አባቴ «ጎረቤት ነው ብዬ ነበር» አለ። «ሳይጠይቀኝ።»

ያን ጊዜ ልነግረው ይገባኝ ነበር። ተጎታቹ ሲንኳኳ ሰምቼ ዝም አልኩ።

በሚቀጥለው ዓመት አባቴ በሜዳው ሌላኛው ጫፍ ማቆም ጀመረ። ቫፍሉ ሲላክ ጠግበናል እንድል አዘዘኝ። ታክሲ ነጂው ሥራ በዝቶበት ተወና ቡድኑ አንድ መኪና ሆነ፤ አባቴም በቀረችው አሮጌ መኪና ከመጨረሻዎቹ ጋር ይዞር ነበር። አንድ ቀን ግሮንላንድ ሱቅ ውስጥ ታሪኩን አወራው፤ ቂጣ እያበላ መኪናውን ያየበት፣ ሳይጠይቅ የወሰደበት ጎረቤት። ባለሱቁ «ፈረንጅ ፈገግ ሲልልህ ኪስህን ያዝ» አለ። ሁለቱም ሳቁ። እኔ ምስር እየመረጥኩ ነበር። ምስር እንደማይመረጥ፣ በከረጢት የታሸገ እንደሆነ አስተዋልኩና እጄን ሰበሰብኩ።

ዘንድሮ ዩኒቨርሲቲ ገባሁ። እሁድ ላለመሄድ ጥሩ ምክንያት አገኘሁ፤ ጥናት አለብኝ። አባቴ «ያ ያ፣ እሺ፣ ትምህርትሽን ያዢ» ይለኛል። ብቻውን ሲሄድ ሰዎች የሚሉትን ማን እንደሚነግረው አልጠየቅኩትም።

ባለፈው ወር አንድ ቅዳሜ ቀትር ላይ ምሳ ይዤለት ወደ መጋዘኑ ወረድኩ። ኮፈን ከፍቶ ይሠራ ነበር። እጁ ዘይት ስለሆነ ስልኩን በአገጩ አሳየኝ። «ከዚያ ሰውዬ መልእክት መጥቷል» አለኝ፤ የማን እንደሆነ መጠየቅ አላስፈለገኝም።

«ምን ይላል?»

ያው ጥያቄ፣ ያው ድምፅ ነው። አነበብኩለት፤ አንድም አላስቀረሁም። ጉልበቱ ስለደከመ በሚመጣው እሁድ ለመጨረሻ ጊዜ እንደሚወዳደር፣ ከዚያ ቀይዋ መኪና በሕጉ መሠረት ለፈለገ እንደምትሄድ፣ ግን ከሰው ሁሉ በፊት ለአባቴ ሊነግረው እንደፈለገ፣ ምክንያቱም ያኔ ሲጠይቀው በደግነት ለቆለታልና።

አባቴ ቀና አለ። «ሲጠይቀኝ? መች ጠየቀኝ?»

ነገርኩት። መኪናዋ አጠገብ ያልኩትን፣ ከዚያም ድንኳኑ ውስጥ ያላልኩትን። እሁዶቼ እንደሰለቹኝም ነገርኩት፤ ያ ካልተነገረ ግማሽ ይሆናል ብዬ። መፍቻውን አስቀመጠ።

«ሰውየው ያለውን ንገሪኝ። እንዳለው።»

መጀመሪያ በኖርዌጅኛ፣ ከዚያ በአማርኛ አልኩለት። ሁለት ዓመት ስደጋግመው ስለኖርኩ አልጠፋኝም። «ልጅህ ቅር አይለውም ብላኛለች። እኔ ግን ከራስህ አፍ መስማት እፈልጋለሁ። ካልፈለግክ ይህን ወረቀት አሁን እቀደዋለሁ።»

አባቴ የመኪናዋን ጎን ተደገፈ።

«ኔይ እል ነበር» አለኝ።

ስለ መኪናዋ ከዚህ ሌላ አልተናገረም። ጨርቅ አንስቶ ጣቶቹን አንድ በአንድ ጠረገ። «ሁለት ዓመት ሰውየውን በየሱቁ አማሁት» አለ። «የበደለኝ መስሎኝ። የሰው ሥጋ አበላሽኝ ልጄ።» ምሳውን ሳይነካ ተመልሶ ኮፈኑ ሥር ገባ። እዚያው ቆሜ ቆየሁ፤ ሂጂ ስላላለኝ ነው።

እሁድ አብሬው ሄድኩ። መኪናችንን ከማውረዳችን በፊት ቀጥታ ወደ ገበሬው ሄደ። ከፊቱ ቆሞ በአማርኛ ተናገረ፤ በራሱ ኖርዌጅኛ እንዳይጎድልበት ፈርቶ ነው። እኔ ማስተላለፍ ነበረብኝ። ጥያቄህ አልደረሰኝም፣ ልጄ አስቀርታው ነበር፣ እኔም በሌለህበት ስምህን ሳነሳ ኖሬአለሁ፣ አፉ በለኝ፣ ይቅር በለኝ። «ልጄ አስቀርታው ነበር» የሚለው ላይ ስደርስ ሁለት ጊዜ ጀመርኩት።

ሰውየው እኔን አላየኝም። ሁለት ዓመት ሙሉ ቫፍሉ አይጣፍጣቸውም እያልን ሚስቴ የምትቀባውን ሁሉ ስትለዋውጥ ነበር አለ። ይህንንም ለአባቴ ነገርኩት። አባቴ ሳቀ፤ ከዚያ ዓይኑን ጠረገ። ከዚያ አባቴ ያን የልማድ ጥያቄ ራሱ በኖርዌጅኛ ጠየቀው፤ ስሜን ብጽፍ ቅር ይልሃል? ሰውየው «ዴት ጎር ብራ፣ ጻፍ» አለው።

ውድድሩ ሲያልቅ ግን ሳጥኑ ውስጥ ሦስት ወረቀት ተገኘ። ዕጣው የወጣው ለአንዲት ሴት ተወዳዳሪ ነው፤ ዘንድሮ የጀመረች፣ ልማዱን ያልነገሯት። አባቴ እንኳን ደስ ያለሽ ሊላት ሄደ፤ እኔ በግራው ሆኜ ተከተልኩ። የኋላውን እግር ራሱ እንደሠራው፣ መታጠፊያ ላይ እግሯን ከነዳጁ እንዳታነሳ እንድነግራት አደረገ። ብየዳውን በጣቱ አሳያት። ሴትየዋ ጎንበስ ብላ አየችና አመስግና ተናገረች።

«ምን አለች?» አለኝ።

«ጥሩ ሥራ ነው አለች።» እዚህ ላይ ማቆም ይቻል ነበር። አባቴ ጆሮውን ሰጥቶኝ ይጠብቃል። «ግን ለእሷ አነዳድ አይሆንም፤ ቆርጣ ሌላ ታስበይድበታለች።»

አባቴ ራሱን ነቀነቀ። «ከላይ በኩል ትጀምር በያት፤ ከታች ከጀመረች ትጣመምባታለች።»

ነገርኳት። አፉ እንዳለኝ እስከ ዛሬ አልነገረኝም፤ እኔም አልጠየቅኩትም። በዚህ እሁድም ውድድር አለ። መጽሐፌን ይዤ እሄዳለሁ።