ጉምቦ የተከልኩት የለቅሶ ድንኳን

ዛሬ እዚህ ጁባ፣ ጉምቦ ሰፈር ውስጥ ማንም ሳይሞት ለቅሶ ደረሱን!

የፊልም ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ነኝ፤ ታሪኩ የሚቀረጽበትን ቦታ የማሰናዳው እኔ ነኝ። ለዛሬው ቀረጻ የለቅሶ ድንኳን ተክዬ አግዳሚ ወንበር እየደረደርኩ ነበር።

ማዶ ምግብ ቤት ያላቸው እትዬ ዘነቡ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ ጎረቤት አስከትለው፣ ንፍሮ አስይዘው እያለቀሱ ገቡ። (እንዲህ የሚያለቅስ ተዋናይ አልነበረንም።)

"እትዬ፣ ፊልም ነው። የሞተ ሰው የለም" አልኳቸው።

"ተመስገን!" ብለው እንባቸውን ጠረጉ። "ማን እንደሞተ እንኳ አልጠየቅንም። የአገራችን ሰው ብቻውን እንዳያለቅስ ብለን ነው የመጣነው።"

ንፍሮውን አብረን በላነው።

እናንተስ፣ በሰው አገር ሳትጠሩት የደረሰላችሁ ማን ነው? ጻፉልኝ።

ወደ ጁባ ስመጣ እናቴ "ክፉ ቢገጥምህ ማን ይደርስልሃል?" ብላ አልቅሳ ነበር። እማ፣ ድንኳኔን ዛሬ አየሁት፤ ሞልቷል።