መተሐራ አንድ ሰው

ያደታን በደንብ አላውቀውም። ይህን አስቀድሜ ብናገር ይሻለኛል፤ ሰው ስለ ሰው ሲጽፍ ብዙ የሚያውቅ ይመስላልና። አብሬው የዋልኩት አንድ ቅዳሜ ብቻ ነው። ከዚያ በፊት የማውቀው ድምፁን ነበር። አስራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ከፖስታ ቤት መብራት ኃይል በሚመላለስ ሚኒባስ ላይ ረዳት ሆኖ ሲጣራ፣ አዳማ ውስጥ ያልሰማው ጆሮ ያለ አይመስለኝም። ፊቱን ግን ልብ ብዬ አይቼው አላውቅም። የረዳት ፊት ማን ያያል? የምናየው እጁን ነው።

ባለፈው ዓመት ጥቅምት ላይ ሃዊ የምትባል ወጣት አዳማ ውስጥ ትንሽ ቢሮ ከፍታ ለከተማው ሰው የአንድ ቀን ጉብኝት ጀመረች። ጠዋት ተነስቶ የአዋሽን ገደል አይቶ ማታ መመለስ ነው። እኛ አዳማዎች አዋሽን የምናውቀው ሶደሬ ለመዋኘት ስንሄድ ነው። ያ ዝምተኛ ውሃ ቁልቁል ወርዶ በረሃ ሲገባ ምድሩን እንዴት እንደሚሰነጥቀው ለማየት ግን ፈረንጅ መሆን ያለብን ይመስለናል። እኔም የተመዘገብኩት በአርባ ስምንት ዓመቴ ነው፤ እሱንም እህቴ ገፋፍታኝ።

ቅዳሜ ጠዋት አስራ ሁለት ሰዓት ላይ ሚኒባሱ በር ላይ ቆሞ የተቀበለን አስጎብኚ ያደታ ነበር። ነጭ ሸሚዝ ለብሷል፤ አንገቱ ላይ ስሙ የተጻፈበት ካርድ አንጠልጥሏል። የአርባ ስድስት ዓመት ሰው ነው። ጎንበስ ብሎ የመቆም ልማድ ግን ወገቡን አልለቀቀውም። ሜዳ ላይ እንኳ ሲቆም ጣሪያ እንዳይመታው የሚጠነቀቅ ይመስላል።

"እንደምን አደራችሁ" አለ ሁላችንም ከተቀመጥን በኋላ። "ስሜ ያደታ ነው። አናውቅህም ብላችሁ አትዋሹ፤ ሁላችሁንም አሳፍሬያችኋለሁ። በአስጎብኚነት ግን ዛሬ የመጀመሪያ ቀኔ ነው። ሃዊ ዛሬ ማታ ትደውልላችኋለች። ጥሩ ነው ካላችሁ ሥራው የእኔ ነው። አንድ ሰው ካማረረ ግን እኔና ይህ ጉልበቴ ሰኞ ወደ ታክሲው በር እንመለሳለን። ሐኪሙ ደግሞ ጉልበትህ ከእንግዲህ በር ላይ መቆም አይችልም ብሎኛል። እንግዲህ እናንተ ታውቃላችሁ።"

ሰው ሁሉ ሳቀ። ያልሳቁት ቲቸር ልዑልሰገድ ብቻ ናቸው።

ቲቸር ልዑልሰገድ ሁለተኛ ደረጃ ሳለሁ ጂኦግራፊ ያስተማሩኝ ሰው ናቸው። አሁን ሰባ አንድ ዓመታቸው ነው፤ ኮት ሳይለብሱ ከቤት አይወጡም። የአዋሽን ገደል ሠላሳ ዓመት ጥቁር ሰሌዳ ላይ በጠመኔ ሲስሉ ኖረዋል። በዓይናቸው ግን አላዩትም። ይህን የነገሩኝ አጠገባቸው ስቀመጥ ነው፤ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ ሌላ ሰው እንዳይሰማ።

ገና ከከተማ ሳንወጣ ያደታን ይፈትኑት ጀመር።

"ገደሉ ስንት ሜትር ይወርዳል?"

"ወደ መቶ ሃምሳ ይሆናል ይላሉ፣ ቲቸር።"

"ይላሉ? እነማን ናቸው የሚሉት?"

"ከእኔ በላይ የተማሩት።"

"የአለቱ ዕድሜስ?"

ያደታ ትንሽ አሰበ። "ከእኔም ከእርስዎም ይበልጣል።"

ኋላ ወንበር ላይ የተቀመጠችው ቤዚ፣ ፍራንኮ ሰፈር ፀጉር ቤት ያላት ሴት፣ ሳቋን መያዝ አቃታት። ቲቸር ግን ከኪሳቸው ማስታወሻ ደብተር አውጥተው አንድ ነገር ጻፉ። ያደታ ሲጽፉ አያቸው።

አንድ ወንበር ባዶ ነበር፤ የቤዚ ጓደኛ በመጨረሻ ሰዓት ቀርታ ነው። ያደታ ያን ባዶ ወንበር በየደቂቃው ዞር እያለ ያየዋል፤ ጥርሱ መሀል ሥጋ እንደተሰነቀረበት ሰው ዕረፍት አጣ። ወለንጪቲ ገብተን መኪናው ዝግ ሲል በሩን ሸርተት አድርጎ ከፈተ፤ አንድ እግሩን አወጣ፤ አንገቱን አሰገገ።

"መተሐራ አንድ ሰው፣ መተሐራ አንድ ሰው፣ የሞላ" አለ፤ በዚያ ሁላችንም በምናውቀው ድምፅ። የአስጎብኚነት ካርዱ በነፋስ ይውለበለባል።

ሁላችንም ዞረን አየነው። እሱም የሰማው ከእኛ ጋር ይመስል ደነገጠ። መዳፉ ግን ቀድሞት ጣሪያውን ሁለት ጊዜ መትቷል። ሹፌሩ ሰይፈሚካኤል የድሮ የታክሲ ባልደረባው ነውና ምንም ሳይጠይቅ ዳር ይዞ ቆመ።

አንዲት ስልሳውን ያለፉ እናት በአንድ እጃቸው በሻሽ የተቋጠረ ጣሳ፣ በሌላው ረጅም በትር ይዘው መጡ።

"አካም ጅርቱ፣ አዳዳ" ብሎ ሰላም አላቸው ያደታ። አዳዳ በኦሮምኛ አክስት ማለት ነው። "ይግቡ፣ አንድ ቦታ አለ።"

ገብተው ባዶው ወንበር ላይ ተቀመጡ።

"ይሄ ጉብኝት ነው ታክሲ?" አሉ ቲቸር።

"ይቅርታ ቲቸር፣ ልማድ ነው። ጉብኝት ነው።"

"ታዲያ ትርፍ ሰው ምን ይሠራል?"

"ትርፍ እንኳ አይደሉም፤ ወንበር ላይ ናቸው።"

"እሱን ለሃዊ ታስረዳለህ። እኔ ማታ ስትደውል እነግራታለሁ።" ደብተሩ እንደገና ወጣ።

 ያደታ በሩን ዘጋና ጉልበቱን ማሸት ጀመረ። ከኋላ የነበረው ሳቅ ሁሉ ጠፋ፤ ሰኞ የት እንደሚሆን ሁላችንም ገብቶናል።

ዝምታውን የሰበሩት እንግዳዋ ናቸው። ስማቸው ጋዲሴ ነው። ኢፋ የሚባል ወንድማቸው አዋሽ ፓርክ ውስጥ ጥበቃ ነው፤ ጣሳው ውስጥ ያለው ጭኮ የሚሄደው ለእሱ ነበር። የገብስ ዱቄቱ በቅቤ ታሽቶ ሽታው መኪናውን ሞላው። ክዳኑን ከፍተው ለሁላችንም አዞሩት።

"የወንድምዎን ጨረስነው እኮ" አለች ቤዚ ሁለተኛ ስትዘግን።

"ብሉ። እሱ ወፍሯል፤ ዝንጀሮ ማባረር አቅቶታል።"

ቲቸር ቁርስ በልቻለሁ አሉ።

በሰቃ ሐይቅ ጋ ስንደርስ ያደታ ቀስ በቀስ አፉን ፈታ። ስለ አለት አያውቅም፤ ስለ ሰው ግን ያውቃል። ሐይቁ እያደገ መንገዱን ሲገፋ የት ቆሞ እንዳየ፣ የትኛው ሻይ ቤት ከባድ መኪና ነጂዎችን ቀስቅሶ እንደሚሸኝ፣ ያ ጥቁር የፈንታሌ ተራራ ድንጋይ በጸሐይ ሲግል ጎማ እንዴት እንደሚበላ ነገረን። መተሐራ ስንደርስ "ወራጅ አለ?" ብሎ ጠየቀ።

"የለም" አሉ ጋዲሴ። "ወንድሜ የአዋሽ ፏፏቴ ጋ ነው ያለው። ከእናንተ ጋር እሄዳለሁ።"

ፓርኩ ውስጥ ሳላ የሚባሉት የበረሃ አጋዘኖች ደረቁ ሣር ላይ ቆመው አዩን፤ ቀንዳቸው እንደ ጦር ቀጥ ያለ ነው። ፏፏቴው ጋ ኢፋ ጠበቀን። እውነትም ወፍራም ነው። ጣሳውን ከፍቶ አየና እህቱን ትቶ እኛን በዓይኑ ገረመመን። ከዚያ መንገዱን እየመራ ወደ ገደሉ ወሰደን።

ገደሉን መግለጽ እችል እንደሆነ አላውቅም። ሜዳ ላይ እየሄድክ ነው፤ እሾህና ግራር ብቻ ነው የምታየው። ድንገት ሜዳው ያልቃል። ከእግርህ ሥር አሞራዎች ጀርባቸውን አሳይተውህ ይበርራሉ። አሞራን ከላይ ሆኜ ሳይ የመጀመሪያዬ ነው።

ሁሉም ወደ ጠርዙ ሲጠጋ ቲቸር ሃያ እርምጃ ያህል ሲቀራቸው ግራር ሥር ቆሙ።

"ከዚህ ይታያል" አሉ።

አይታይም። ከዚያ የሚታየው ሰማይና የማዶው ገደል ግንባር ነው። እጃቸው የግራሩን ግንድ አጥብቆ ይዞታል።

"ቲቸር፣ ልደግፍዎ?" አለ ያደታ ቀረብ ብሎ።

"አያስፈልግም። አንተ ሥራህን ሥራ።"

ያደታ አልተከራከረም። ወደ ጋዲሴ ሄዶ በኦሮምኛ ጥቂት ነገር አላቸው። እሳቸውም መጥተው ቲቸር አጠገብ፣ አፈሩ ላይ፣ ዝርፍጥ ብለው ተቀመጡ።

"እኛ አገር ገደል የሚፈራ ሰው ቆሞ አይሄድም" አሉ። "ቁጭ ብሎ ነው የሚሄደው። የተቀመጠ ሰው ወዴት ይወድቃል?"

"እኔ አልፈራሁም።"

"እኔ እፈራለሁ። እዚሁ ተወልጄ እስከ ዛሬ እፈራለሁ። ይቺን ይያዙልኝ" ብለው የበትሩን ጫፍ ሰጧቸው።

ቲቸር በትሩን አዩ፣ ኮታቸውን አዩ፣ እኛን አዩ። እኛ ሰማይ ሰማይ እናያለን። በመጨረሻ ቤዚ መሬት ላይ ቁጭ አለች።

"ሱሪዬ አዲስ ነበር" አለች። "እኔም እፈራለሁ፣ ምን ላድርግ።"

እኔም ተቀመጥኩ። ከዚያ የቀረው ሰው ሁሉ ተቀመጠ። እንዲህ ሆነን ገና መዳህ እንደጀመሩ ሕፃናት በመቀመጫችን እየተንፏቀቅን ወደ ጠርዙ ሄድን፤ ጋዲሴ ከፊት፣ ቲቸር በትሩን ይዘው ከኋላቸው፣ ያደታ ደግሞ ያን የታመመ ጉልበቱን እየጎተተ የቲቸርን ኮት ጫፍ ጨብጦ። ኢፋ ቆሞ ያየናል። እንዲህ ያለ ጎብኚ አይቶ የሚያውቅ አልመሰለኝም።

ቲቸር ጠርዙ ላይ ደረሱና ወደ ታች አዩ።  አዋሽ እታች ቡናማ ሆኖ፣ አንዴ ግራ አንዴ ቀኝ እየዞረ ይሄዳል።

"እኔ ቀጥ አድርጌ ነበር የምስለው" አሉ።

"ምኑን፣ ቲቸር?" አለ ያደታ ኮቱን ሳይለቅ።

"ወንዙን። ሠላሳ ዓመት፣ በማስመሪያ።" ወደ እኔ ዞሩ። "አንተም እንደዚያ ሣልክ?"

"አዎ፣ ቲቸር።"

"ስንት ሰጠሁህ?"

"ከአሥር ዘጠኝ።"

"በዝቷል" አሉና ሳቁ። ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ ሳቁ። ከዚያ ጋዲሴን "ያ ጭኮ አልቋል?" ብለው ጠየቁ። ኢፋ ጣሳውን ወደ ጀርባው አዞረ፤ እህቱ ግን ቀምተው ሰጧቸው።

ስንመለስ ጋዲሴ ወንድማቸው ጋ ቀሩ። ወንበሩ እንደገና ባዶ ሆነ፤ አሁን ግን ሁላችንም ዞር እያልን እናየዋለን። ጸሐይ ስታዘቀዝቅ፣ ወለንጪቲን እንዳለፍን የቲቸር ስልክ ጮኸ። ሃዊ ናት፤ በዕድሜ ከሚበልጡት መጀመሯ ይሆናል። ቲቸር ጆሯቸው ትንሽ ስለሚያስቸግራቸው ድምፁን ከፍ አደረጉት። 

"ጉብኝቱ እንዴት ነበር፣ ቲቸር?"

ቲቸር ደብተራቸውን ከፈቱ። "መንገድ ላይ ትርፍ ሰው ጭኗል" ብለው አነበቡ። "የአለቱን ዕድሜ አያውቅም። መሬት ላይ አስቀምጦ ኮቴን አቧራ አልብሶታል።"

ያደታ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ።

"በጣም ይቅርታ ቲቸር፣ እኔ በሌላ ሰው..."

"አልጨረስኩም፣ ልጄ። በሚቀጥለው ወር ባለቤቴን ይዤ እመለሳለሁ። ያው ሰው ካልሆነ አልሄድም። አንድ ወንበርም ባዶ ይተው፤ ወለንጪቲ ላይ የምንጭናት ሴት አለች።"

ቤዚ ከኋላ አጨበጨበች። ሰይፈሚካኤል ያለ ምክንያት ጥሩንባ ነፋ። ያደታ ግን ካርዱን ከአንገቱ አውልቆ በሸሚዙ ጠረገውና መልሶ አጠለቀው።

አዳማ ገብተን ሰው ሁሉ በየሰፈሩ ወርዶ በመጨረሻ እኔ ብቻ ቀረሁ። ቀኑን ሙሉ አንድ ነገር ሲያብሰለስለኝ ነበር። ወለንጪቲ ላይ መንገድ ዳር የቆመው ሰው ብዙ ነው፤ የመጡት ግን ጋዲሴ ናቸው፤ መንገዳቸውም ከእኛ ጋር አንድ። ኢፋ ደግሞ ሲቀበለን መጀመሪያ ትከሻውን የሳመው የያደታን ነው። በተፈጥሮዬ ሰው መጠየቅ ይከብደኛል፤ ልወርድ ስል ግን እንደምንም አወጣሁት።

"ያደታ፣ አዳዳ ጋዲሴን ድሮም ታውቃቸዋለህ? ያን ጊዜ የተጣራኸው እውነት በልማድ ነው?"

አየኝ። ፊቱን ልብ ብዬ ያየሁት ያኔ ነው። በሩን ሸርተት አድርጎ ከፈተልኝ።

"ጋሼ፣ ወራጅ ጥያቄ አይጀምርም" አለና፣ እግሬ መሬት እንደረገጠ፣ "ሳበው፣ ሰይፌ።"