የእህታቸው ልጅ ነኝ ያልኩበት ቤት

ሥራዬ ሮቤ መድኃኒት ቤት ውስጥ ቢሆንም ማደሪያዬ ጎባ ነበር። የሮቤ አከራዮች ዓይናቸውን በጨው አጥበው ነው ዋጋ የሚጠሩት። ጎባ ላይ ግን ሰፈሩ ሁሉ «እትዬ» የሚላቸው ብቸኛ አሮጊት፣ ከቀበሌ ቤታቸው ጀርባ ያለችውን ክፍል በሚቻል ዋጋ ሰጡኝ። ጠዋት በሚኒባስ እሄዳለሁ፣ ማታ በሚኒባስ እመለሳለሁ።

ችግሩ ቤቱ የመንግሥት መሆኑ ነው። የቀበሌ ቤት ማከራየት ክልክል ነው፤ ደባል አስገብቶ የተገኘ ቤቱን ይነጠቃል። ስለዚህ እትዬ ገና ሻንጣዬን ሳላወርድ «ከዛሬ ጀምሮ የእህቴ ልጅ ነህ» አሉኝ።

«የትኛዋ እህትዎ?»

«የሞተችው። የሞተች አትጠየቅም።»

እህት ኖሯቸው እንደሆነ እስካሁን አላውቅም። «እርስዎ እያልክ ደግሞ እንዳታጋልጠኝ» ቢሉኝም አንቺ ለማለት አፌ እምቢ አለኝ። «አክስቴ» እያልኩ አለፍኩት። ሰፈሩም አመነ። ከሁሉ በላይ ያመኑት አጥር የሚለየን ጎረቤታችን ሐጂ ነበሩ። ከመስጊድ ሲመለሱ ካገኙኝ «አካም ቡልቴ፣ የእህት ልጅ?» ይሉኛል። እኔም «ደህና አደርኩ» እላለሁ፤ ስሜ የሆነ ያህል ለመድኩት።

አንድ ጊዜ ከቤቶች ጽሕፈት ቤት አጣሪዎች መጡ። እትዬ መቀመጫ ፍለጋ ላይ ታች አሉ። እኔም የተዘጋጀሁበት ውሸት ጠፋኝ። ያዳኑን ሐጂ ናቸው። በአጥሩ በኩል ብቅ ብለው «ወላሂ የእህታቸው ልጅ ነው! ምን ትፈልጋላችሁ ከአሮጊት?» አሏቸው። ሐጂ በዋዛ የሚምሉ ሰው አይደሉም፤ ከተማው ያውቃቸዋል። አጣሪዎቹ አመስግነው ሄዱ። እኔና እትዬ በሩን ዘግተን እስኪያመን ሳቅን።

ከዚያ ሚስት አገባሁና እዚያችው ክፍል አስገባኋት። ልጃችን ስትወለድ የሚስቴ ወላጆች ሩቅ ናቸው፤ ገንፎውን ያገነፉት፣ ሕፃኗን ያጠቡት፣ የጎባ ብርድ እንዳይገባ የመስኮቱን ክፍተት በጨርቅ የደፈኑት እትዬ ናቸው። ኪራዩን ግን በየወሩ ይቀበሉኛል። እኔም እከፍላለሁ። አንዱ ሌላውን አላስቀረውም።

በኋላ መድኃኒት ቤቱ ውስጥ ሬዲዮ በተከፈተ ቁጥር ስለ ኪራይ አዋጁ ይወራ ጀመር። አከራይ እንደፈለገው ዋጋ አይጨምርም፣ ተከራይን ብድግ ብሎ አያስወጣም ይላል። ማታ ቤት ገብቼ «እንግዲህ አያስወጡኝም፤ አዋጅ አለኝ» ብዬ ቀለድኩባቸው።

«አዋጅህን ለተከራይ ንገረው» አሉኝ። «አንተ ዘመድ ነህ።»

ክረምቱ ሊወጣ ሲል ሳንባቸው ታመመና ጎባ ሆስፒታል ተኝተው አረፉ። ዕድሩ ድንኳን ተከለ፣ እኔን ከፊት አስቀመጡኝ። የመጣው ሁሉ እጄን እየያዘ ያጽናናኛል። አለቀስኩ። ያለቀስኩት ከልቤ ነው፤ ይሄን እንዲያምኑኝ እፈልጋለሁ። ግን መሀል ላይ «አሁን ሚስቴንና ልጄን የት አስገባለሁ?» የሚል ሐሳብ ብልጭ ሲልብኝ እንባዬ ይብስ ነበር። ሴቶቹ «እንደ ወለደች እናቱ አለቀሰላት» ሲሉ ሰማሁ። አንገቴን የደፋሁት ያኔ ነው፤ እነሱ ግን ሐዘን መሰላቸው።

ድንኳኑ የተነሣ ዕለት ከቤቶች ጽሕፈት ቤት አንዲት ወጣት ሠራተኛ መጣች። ትሑት ልጅ ናት፤ መጀመሪያ «እግዚአብሔር ያጽናችሁ» አለች። የዕድሩ ሴቶች ድስት እያጠቡ ነበር። ሐጂ አግዳሚ ወንበር እየቆጠሩ ለዕድሩ ያስረክባሉ።

«ለሟች ምናቸው ነህ?» አለችኝ።

እኔ ሳልመልስ ሐጂ «የእህታቸው ልጅ ነው» አሉ።

«እንግዲህ ይቅርታ» አለች፣ «የቀበሌ ቤት ለባልና ለሚስት ወይም ለልጅ ካልሆነ አይተላለፍም። የእህት ልጅ ሊወርስ አይችልም። ወር ሳይሞላ ቤቱን ብታስረክበን።»

ሚስቴን አየኋት። ልጃችንን አዝላ በሩ ላይ ቆማለች። በወር ውስጥ ሮቤ ላይ የምችለው ቤት እንደማላገኝ ሁለታችንም እናውቃለን። ያ ሬዲዮ በጆሮዬ ጮኸ። ተከራይን ብድግ አድርጎ ማስወጣት አይቻልም! ተስፋው አፌን ከፈተው።

«እኔ ዘመዳቸው አይደለሁም» አልኩ። ድምፄ ከሚገባው በላይ ከፍ አለ። «ተከራይ ነኝ። በየወሩ እየከፈልኩ ነው የኖርኩት። ለተከራይ ደግሞ አዋጅ ወጥቷል።»

የድስቱ ኳኳታ ቆመ። ሠራተኛዋ ደነገጠች፤ አዘነችልኝም መሰለኝ።

«ወንድሜ፣ እሱ አዋጅ የግል ቤት ላይ ነው። የመንግሥት ቤት የራሱ መመሪያ አለው። ዘመድ ከሆንክ ጊዜ እንሰጥሃለን። ተከራይ ነኝ ካልክ ግን ቤቱን በሕገ ወጥ መንገድ ነው የያዝከው፤ በዚህ ሳምንት ልትለቅ ነው። ሟችም ሕግ ጥሰዋል ማለት ነው።»

ሟችም ሕግ ጥሰዋል። ይሄ የተባለው አፈራቸው ገና ሳይደርቅ፣ ንፍሯቸውን በበሉ ሴቶች ፊት ነው። ያስባልኩትም እኔ ነኝ። ልመልሰው ፈለግሁ፤ ምን ብዬ ልመልሰው? ሴቶቹ ድስታቸውን ማጠብ ቀጠሉ። ቢሰድቡኝ ይሻለኝ ነበር። ሐጂ አንድ ጊዜ አዩኝና ወደ ወንበሮቹ ዞሩ። የቆጠሩት ጠፍቷቸው እንደገና «ቶኮ፣ ለማ» እያሉ ከአንድ ጀመሩ።

ቅዳሜ ዕቃ ስንጭን የመንደሩ ሰው ሁሉ ሥራ በዝቶበት ነበር። አልፈርድባቸውም። የመጡት ሐጂ ብቻ ናቸው፤ ጋቢያቸውን አጥሩ ላይ ጥለው ሳጥኑን ከጫፉ ያዙልኝ። በዚያ ዕድሜያቸው ቁም ሳጥን አወጡ፣ ፍራሽ ተሸከሙ። ሚስቴ ሻይ ቀዳችላቸው። እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው «ጾመኛ ነኝ» አሉ።

ረመዳን ካለፈ ቆይቷል። ከንፈራቸው ደርቋል። ያን ሁሉ ዕቃ ውኃ ሳይቀምሱ ነው ለካ የተሸከሙልኝ።

«የምን ጾም ነው ሐጂ?» አልኳቸው።

 አንገታቸውን አቀርቅረው «ያቺ ወላሂ» አሉ። «ሳላውቅ ነው የማልኩት፣ ሼኮቹም ግድ የለም ብለውኛል። ግን እንቅልፍ ነሳችኝ። ትንሽ ቀን ብጾም ልቤ ያርፍ ይሆናል ብዬ ነው፣ ያ ኢልማ ኮ።»

ያ ኢልማ ኮ፣ ልጄ ማለታቸው ነው። መሬት ብትከፈት እገባ ነበር። የእኔን ውሸት እሳቸው በረሃብ እየከፈሉልኝ፣ እኔ ሻይ ይዤ ቆሜያለሁ። ይቅር ይበሉኝ ለማለት አፌን ስከፍት «አልጋውን ያዝ፣ ዝናብ ሳይመጣ» አሉኝ።

በበሩ እንዲያልፍ አዘነበልነው። መኪናው ላይ ከወጣ በኋላ ጋቢያቸውን አንሥተው ትከሻቸው ላይ ጣል አደረጉ።

«በአክስትህ አርባ እንዳትቀር» አሉኝ። «ሌላ ዘመድ የላትም።»

እሺ አልኳቸው። ቀና ብዬ ግን ላያቸው አልቻልኩም።