ሙሾዋን ዘፈን ያሉባት ጥሩሸዋ

ጥሩሸዋን የመንዝ፣ የማማ ምድር ሰው ከመልኳ ይልቅ በድምፅዋ ያውቃት ነበር። እጇ ሥራ አይፈታም፤ የበግ ጠጉር ትፈትላለች፣ ፈትሉን ባና ለሚባለው የሱፍ ብርድ ልብስ ሠሪዎች ትሰጣለች። ሰው የሚፈልጋት ግን ለፈትሏ አልነበረም። ከሞላሌ እስከ መሐል ሜዳ ሞት በገባበት ቤት ሁሉ "ጥሩሸዋን ጥሯት" ይባላል። ሙሾ አውራጅ ናት። አባቱን ቀብሮ ዓይኑ ያልረጠበ ደረቅ ወንድ እንኳ፣ እሷ ሁለት ስንኝ ስታወርድ ጮኾ ያለቅሳል።

የአንድ እናት ልጆች ሦስት ነበሩ። እሷ ታላቅ፣ አዳነ ተከታይ፣ ተገኘ የመጨረሻ። ጣሊያን ሞላሌ ላይ ምሽግ ሲሠራ ሁለቱ ወንድሞቿ ጠመንጃቸውን ይዘው ወደ አዳባይ ወንዝ ገደል ወረዱ። በ1930 ዓ.ም. በየካቲት፣ ተገኘ እናቱን ሊያይ ብቅ ብሎ ሲመለስ ጣሊያኖቹ አፋፉ ላይ ተኩሰው ጣሉት። ሬሳው ቁልቁል ሄደ፤ ቢፈለግ ቢፈለግ የለም።

ያን ጊዜ ለሽፍታ ማልቀስ ክልክል ነው ተብሎ ታውጆ ነበር። ሽፍታ የሚሉት እንግዲህ ያገሩን ልጅ ነው፤ ጉድ እኮ ነው። ሰው ግን ዝም ብሎ ይቀመጣል? ከምሽጉ ራቅ ብሎ፣ ከኮረብታው ጀርባ ባለው መስክ ላይ ተሰበሰበ። ሬሳ ስለሌለ ልብሱን አልጋ ላይ ዘረጉለት። ጋሻውን በአፍጢሙ ደፍተው በቅሎው ላይ ጫኑት። እናታቸው ወለተኪዳን ጠጉራቸውን ተላጭተው አልጋው አጠገብ ተቀመጡ። ጥሩሸዋ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለብሳ፣ ፊቷን እየነጨች መካከል ገባች።

ስምህን ተገኘ ብላ ያወጣች እናት፣
ሬሳህን አጥታ ልብስህ ብቻ ቀራት።

ሴቶቹ ደረት መቱ። ልክ ይኼኔ ነው ከኮረብታው ዞሮ አንድ ፈረንጅ የመጣባቸው።

ይኼ ፈረንጅ ወታደር አልነበረም። ለአገሩ ጋዜጣ የሚጽፍ ነው፤ ሕዝቡም "ጻፊው" ይለዋል። አንገቱ ላይ ፎቶ ማንሻ አንጠልጥሎ፣ ደብተር ይዞ፣ በበቅሎ እየዞረ "አዲሱን መንግሥት እንዴት አያችሁት?" እያለ ይጠይቃል። ከኋላው አማርኛ የማይሰሙ፣ ከባሕር ማዶ የመጡ ሁለት ወታደሮች አሉ። ከጎኑ ደግሞ አስተርጓሚው ወሰኔ፣ ጣልያንኛ የተማረ የአዲስ አበባ ልጅ።

ሰው ባለበት ደርቆ ቀረ። ቢሮጥ ይተኮስበታል። ጥሩሸዋ ግን አላቆመችም። ሙሾ ከተጀመረ በኋላ ማቋረጥ ሟቹን መርገጥ ነው። እንዲያውም ባሰባት።

እንግዳስ ይመጣል፣ ውሎ አድሮ ይሄዳል፤
ይሄ ምን እንግዳ፣ ባለቤት ይገድላል!

ከዚያ ገደል ውስጥ ያለውን አዳነን ጠራች።

ወንድሜ፣ ገደሉ ቤት የሆነልህ፣
ና ውጣ ይልሃል ደሙ እየጠራህ።

የወሰኔ ፊት አመድ መሰለ። ፈረንጁ ወደሱ ዘንበል አለ፤ ምን ትላለች ማለቱ ነው። ወሰኔ ጆሮው ሥር አንድ ነገር ነገረው። ፈረንጁ ፊቱ በራ። ጻፈ፣ ፎቶ አነሳ፣ እንደገና ጻፈ። ከዚያ ደብተሩን ብብቱ ውስጥ ከተተና በሴቶቹ የደረት ምት ልክ ያጨበጭብ ጀመር። ሲሄድም ከኮርቻው ከረጢት እንደ ድንጋይ የደረቀ ብስኩት አውጥቶ በሁለት እጁ ሰጣት።

"አየሽ እናቴ" አለች ጥሩሸዋ የዚያን ዕለት ማታ፣ ብስኩቱን በውሃ እያራሰች። "እነሱ አገር ለቅሶ በጭብጨባ ነው መሰለኝ። የለቅሶ እህል እንኳ ይዞ መጣ። ከነሱም ሰው አይጠፋም።"

እናትና ልጅ ተካፍለው በሉት።

አምስት ሳምንት አለፈ። በገበያ ቀን ከምሽጉ ጥሩምባ ተነፋና ሕዝቡ ተሰብሰብ ተባለ። ጣሊያን በአማርኛ የሚያሳትመው ጋዜጣ መጥቷል፤ የደብሩ አለቃ ወልደ አማኑኤል እንዲያነቡት ታዘዙ። አለቃ ዓይናቸውን አጥብበው ሥዕሉን አዩ፣ ቀና ብለው ሕዝቡን አዩ። ወታደሩ በሰደፍ ነካ አደረጋቸው።

"'የመንዝ ሴቶች'" አሉ አለቃ፣ "'አዲሱን መንግሥት በዘፈንና በእስክስታ ሲቀበሉ። ከመካከል የምትታየው ዘፋኝ፣ ደስታዋ ከልክ ቢያልፍ፣ እንደ አገሩ ልማድ ፊቷን እየነጨች ምስጋናዋን ታቀርባለች።'"

ጥሩሸዋ የተሸከመችው የሱፍ እንቅብ ከእጇ ወደቀ። ለማንሳት ጎንበስ ያለም የለም። መጀመሪያ ስለ ሌላ ሴት የሚነበብ ነበር የመሰላት። ቀረብ ብላ ወረቀቱን ስታየው የገዛ እጇ የገዛ ጉንጯ ላይ ነው። እናቷ አሉ። በቅሎው አለ።

ዞር ብላ አብረዋት ደረት የመቱትን ሴቶች አየች። ሁሉም መሬት መሬት ያያሉ። ምን ይበሉ? "ለቅሶ ነበር" ያለ ለሽፍታ አልቅሻለሁ ማለቱ ነው። ከሩቅ የመጣው ገበያተኛ ግን ምን ያውቃል? ከራቤል ወገን የምትመጣው ጨው ነጋዴ ጌታነሽ አልፋት ስትሄድ ጮክ ብላ፣

"ጥሩሸዋ፣ እኔም ባል ሲሞትብኝ መጥተሽ ትጨፍሪልኛለሽ? እስክስታሽን ሮም ወዶታል አሉ!" አለች።

በስምንተኛው ቀን ይህችው ጌታነሽ፣ ገደሉ ውስጥ ላሉት ጨው አድርሳ ስትመለስ፣ ከአዳነ ቃል ይዛ ብቅ አለች። በሩ ላይ ቆማ፣ ሳትገባ ነው የነገረቻት። "'እህት የለኝም። በተገኘ ደም ላይ የጨፈረች ሴት ገደሉን ብትወርድ በጥይት ነው የምቀበላት' ብሏል።"

ጥሩሸዋ የዚያን ቀን እህል አልቀመሰችም። አንዱን ወንድሟን ጥይት ወሰደው፤ ሁለተኛውን በቁሙ ወረቀት ሊወስደው ነው። በማግሥቱ ወሰኔን ከምሽጉ በታች ካለው ምንጭ አጠገብ ጠብቃ ያዘችው።

"አንተ ልጅ፣ እናት የለህም?"

ወሰኔ ዙሪያውን ቃኘ። "እትዬ፣ በማርያም፣ ድምፅሽን ቀነስ አድርጊው።"

"ሙሾዬን ምን ብለህ ነው የነገርከው?"

"ምን ልበለው? 'ወንድሜ ውጣና ደሙን መልስ ትላለች' ልበለው? ያን ሁሉ ሰው እዚያው ያስረሽኑት ነበር። 'ድግስ ነው፣ መንግሥቱን ያመሰግናሉ' አልኩት። ሌላ ነገር ከአፌ አልመጣም።"

"እሺ ዘፈን ነው አልከው። ፊቴስ? ደሙን እያየ?"

"እሱንም ጠየቀኝ፤ 'ስለምን ትነጨዋለች?' አለኝ።" ወሰኔ አንገቱን ደፋ። "'ደስታ ሲበዛባቸው እንዲህ ያደርጋሉ' አልኩት። ያምነኛል ብዬ አልነበረም፣ እትዬ። እግዜር ምስክሬ ነው፤ ይስቅብኛል፣ ይቆጣኛል፣ አለቀልኝ ብዬ ነበር። 'ምንኛ ድንቅ ሕዝብ ነው!' ብሎ ጻፈው።"

ጥሩሸዋ ድንጋዩ ላይ ቁጭ አለች። ውሸቱ እንዳዳናቸው ገባት። እሱን ልትረግም አልቻለችም። ያ ሰው ግን ሁለት ዓይን እያለው! ባዶ አልጋ አየ፣ የተላጨች እናት አየ፣ ደም አየ። ሰው ደስ ሲለው ፊቱን ይቦጭቃል ቢሉት አመነ። ምን ብንመስለው ነው? ከየትኛው ፍጥረት ቢቆጥረን ነው?

"ለወንድሜ መስክርልኝ" አለችው።

"ገደል ውስጥ ካለ ሰው ጋር ስነጋገር ቢያዩኝ ሁለታችንም እንሰቀላለን። ሙሾው ለቅሶ መሆኑን የሚመሰክር ሌላ ፈልጊ።"

ሌላ ማን አለ? ሄዳ የአለቃን በር መታች። አለቃ ምንም ሳይጠይቁ በገበያው ያነበቡትን ጋዜጣ ከመጽሐፋቸው መካከል አውጥተው ሰጧት።

ሊነጋጋ ሲል ገደሉን መውረድ ጀመረች። የመጀመሪያው ጥይት ከእግሯ ሥር ድንጋይ ሰነጠቀ። ቆመች እንጂ አልተመለሰችም። "ከደገምክ በደንብ አልም!" አለች። "ለእናትህ የምትመለስላት ሴት ልጅ አታስቀርላት!"

አዳነ ከሦስት ሰዎች ጋር ከዋሻው ወጣ። ጢሙ አድጎ፣ ጉንጩ ገብቶ፣ ሌላ ሰው መስሏታል። ጀርባውን ሰጣት።

"የመጣሽበትን ተናገሪና ሂጂ።"

ወረቀቱን ከጉያዋ አወጣች።

"እኔ ማንበብ አልችልም" አለ።

"እኔስ መቼ ቻልኩ? ጽሑፉን ለሚያነብ ተወው። ይኼ ሁሉ ሰው ሲነበብ ሰማ እንጂ ሥዕሉን ያየ የለም። አንተ እየው።"

አዳነ በጎሪጥ አየ። ከዚያ ወረቀቱን ተቀበላት። በጥቁር ጥፍሩ የነጠላዋን ጥለት ተከተለው፤ ተዘቅዝቆ ወደ ላይ፣ ወደ አንገቷ የወጣውን። የተደፋውን ጋሻ ነካው። ከዚያ ጣቱ አልጋው አጠገብ ቆመ።

"እማዬ… ተላጨች?"

"በሞተ በነጋታው።"

"ልብሱን ነው አልጋው ላይ ያደረጋችሁት?"

"ሌላ ምን አለን?"

ወረቀቱን ለጓደኞቹ አሳያቸው። አንዱ ሽማግሌ ገና እንዳየው ቆቡን አወለቀ። አዳነ ወደ እህቱ ዞረ። "ፈረንጁ ይኼን ሁሉ እያየ ነው?"

"እያየ።"

"በዓይኑ?"

"በዓይኑ። ደስ ሲለን ፊታችንን የምንነጭ መስሎት።"

"ኧረ የፈጣሪ ያለህ!" አለ አዳነ ቀስ ብሎ፣ እንደ ልጅ። ከድንጋዩ ሥር ተቀመጠ። "ለኔ ማንም አልነገረኝም። ሞተ አሉኝ፤ ጨፈረች አሉኝ። እንዳለቀሳችሁለት የነገረኝ የለም። እትዬ፣ በይ እስቲ አልቅሺልኝ። እኔ እኮ እስካሁን አላለቀስኩለትም።"

ጥሩሸዋ አጠገቡ ተቀመጠች፣ ጉሮሮዋን ጠረገች። ሰዎቹ አንገታቸውን ደፍተው ጠበቁ። ለስንቱ ባዕድ ያወረደችው ስንኝ፣ በጠሩት ጊዜ ሁሉ ይመጣ የነበረው ግጥም፣ ያን ቀን አንድም ቃል አልመጣም። ግጥም የማያውቅ ሕፃን እንደሚያለቅሰው ዝም ብላ "ወንድሜን፣ ወንድሜን" ብቻ አለች። አዳነም እጇን ይዞ "ወንድሜን" አለ። የፀሐይ ብርሃን ገደሉ ውስጥ እስኪገባ ድረስ ሁለቱም ሌላ ነገር አልተናገሩም።