የስካቶላ ጎማና ሽምግልና

ሰው ለሚስት ጥየቃ ሲዘጋጅ ሽማግሌ ይመርጣል፣ ፀጉሩን ይስተካከላል፣ ቢበዛ ጫማ ይገዛል። እኔ መኪና ሥር ገባሁ። ምክንያቱም የልጅቷ አባት ጡረታ የወጡ የከባድ መኪና ሹፌር ናቸው። ሠላሳ ዓመት የጅቡቲን መንገድ ተመላልሰውበት፣ ሚኤሶ ላይ ቤት ሠርተው የተቀመጡ፣ ሰውን ከፊቱ በፊት ጎማውን የሚያዩ ሰው። ከእኔ በፊት ሽማግሌ የላከ አንድ ደህና ሥራ ያለው ሰው ነበር አሉ። የመኪናው ጎማ ልሙጥ ሆኖ ቢያገኙት "የራሱን ነፍስ ያልጠበቀ የልጄን ሊጠብቅ ነው?" ብለው ሽማግሌዎቹን ከበር መለሷቸው። ይህን የነገረችኝ ራሷ ልጅቷ ናት፤ ጭሮ ውስጥ ነርስ ነች። ነግራኝ ስታበቃ ደግሞ ትስቃለች። "ያንተዋን ሲያዩስ ምን ይሉ ይሆን?" ትላለች። በሰው ነፍስ መቀለድ እንዲህ ነው!

የእኔዋ መኪና በዕድሜ ትበልጠኛለች። ከጎጃም ተመድቤ ጭሮ ሒሳብ ማስተማር ከጀመርኩ ሰባት ዓመቴ ነው፤ እሷን የገዛሁት በሦስተኛው ዓመት ነው። ሽምግልናው ለእሑድ ተቀጥሮ ሳለ፣ ረቡዕ ዕለት ለፈተና ሥራ መሰላ ወረዳ ደርሼ ስመለስ መሪው ማጉረምረም ጀመረ። በማግስቱ ሜካኒክ አሳየሁ። ጎንበስ ብሎ አየና "የስካቶላው ጎማ አልቋል" አለኝ። ከመሪው ወደ ፊት እግሯ የሚሄደውን ብረት የሚሸፍን፣ እንደ አኮርዲዮን የተጣጠፈ ጎማ ነው። የእኔው ተቀዶ የመሰላን አቧራ በሙሉ ውጦታል። እንዲህ እንደሆነ ብትነዳት ብረቱ ይበላል፣ ከዚያ መሪው እጅህ ላይ ይቀራል አለኝ። ከድሬዳዋ በሚኒባስ አዲስ ጎማ አስመጣሁና ቅዳሜ ጠዋት ተቀጣጠርን።

ሜካኒኩ የጭሮ ልጅ ነው። የሚሠራው አስፋልቱ ዳር፣ ዛፍ ጥላ ሥር ነው። አማርኛውን ከሹፌሮች ስለተማረ ለእሱ ዓለም በሙሉ "አንተ" ነው፤ ጳጳስ ቢመጣም አንተ ነው። እጁ ግን ወርቅ ነው፣ አልዋሽም። ያን ቀን ጫቱን ቀደም ብሎ ጀምሮ ጉንጩ ተወጥሯል። መኪናዋን በክሪክ አነሳ፣ ጎማዋን አወለቀና ከብረቱ ጫፍ ላይ የሚሽከረከረውን ቴስቲኒ እያሳየኝ፣

"ይሄ ካልወጣ ጎማው አይገባም። ይሄን ስፈታ ዙሩ ይቆጠራል። በስንት ዙር እንደወጣ በዚያው ይመለሳል። አንድ ሁለት ከሳተ መኪናህ ወደ ጎን ታያለች" አለኝ።

"እሺ፣ ቁጠራ" አልኩት።

ወደ ጉንጩ ጠቆመ። "አፌ ሥራ ይዟል። አንተ አስተማሪ አይደለህ? አንተ ቁጠር።"

ሳቄ መጣ። ዲግሪ ይዤ፣ ሰባት ዓመት ሙሉ የሰው ልጅ በሒሳብ ሳስጨንቅ ኖሬ፣ አንድ ብረት ሲዞር ልቁጠር? ተቀመጥኩና "ቶኮ፣ ለማ፣ ሰዲ" ብዬ በኦሮምኛ ጀመርኩለት፤ ጉራ መሆኑ ነው። እሱም ደስ አለው። ዐሥር እስክንደርስ እየተሳሳቅን ነበር።

ዐሥራ አንድ ላይ "አሰላሙ ዓለይኩም፣ መምህር!" የሚል ድምፅ ከኋላዬ መጣ። የተማሪዬ አባት ናቸው፤ ሽማግሌ ናቸው፣ ምርኩዝ ይዘዋል። እንግዲህ በዚህ አገር ሰላምታ በእጅ ምልክት አይታለፍም። ያን ያደረገ ሰው ወይ ታሟል ወይ ተጣልቷል። ተነሣሁና በሁለት እጄ ጨበጥኳቸው። በልቤ ዐሥራ ሁለት አልኩ።

"አካም፣ ነጋ? ኢጆሌን ነጋ?"

ልጅ የለኝም፤ ቢሆንም "ነጋ፣ ነጋ" አልኩ። ልጆቹ ደህና ናቸው። ዐሥራ ሦስት። ከብቱስ? ደህና ነው። ጎጃም ያሉት እናትና አባትስ? ደህና ናቸው፣ የእርስዎስ ማሽላ? ዝናቡስ? ዐይኔ የሜካኒኩ ክንድ ላይ ነው፣ እጄ የሽማግሌው እጅ ውስጥ ነው፣ ከንፈሬ አላህ ይስጥልን ይላል። ይኼኔ፣

"ልጄ ፈተናውን ስንት አመጣች?" አሉኝ።

"ዐሥራ ሰባት!"

"አልሐምዱሊላህ!" ብለው ደረታቸውን ይዘው በደስታ መረቁኝ። መርቀው ሳይጨርሱ ሜካኒኩ ብረቱን ይዞ ከሥር ብቅ አለ። "ወጣ! ስንት ሆነ?"

አፌን ሞልቼ "ዐሥራ ሰባት!" አልኩት።

ከዚያ በኋላ ሥራው ያማረ ነበር። አሮጌው ጎማ ተጎትቶ ሲወጣ የመሰላ አፈር ዘረገፈ። ብረቱን በቤንዚን አጠበው፣ ግራሶ ቀባው፣ አዲሱን አለበሰው፣ ጫፍና ጫፉን አሰረው፣ ቴስቲኒውን በዐሥራ ሰባት ዙር መለሰው። ስድስት ሰዓት ሳይሞላ ዕቃውን ሰብስቦ ቆልፎ ወደ ጫት መቃሚያ በርጫው ሄደ።

እኔም ነድቼ ሄድኩ። መቶ ሜትር ሳልሄድ ገባኝ። መሪውን ቀጥ ሳደርገው መኪናዋ ወደ አንድ ሰው አጥር ታመራለች። በቀጥታ እንድትሄድልኝ መሪውን ሩብ ያህል ወደ ግራ ጠምዝዤ መያዝ አለብኝ፤ በዚያም ላይ ጎማው "ሲይይይ" እያለ ያለቅሳል። ሜካኒኩን ሰደብኩት። ከዘር ማንዘሩ አንድም አላስቀረሁለትም። ጫታም፣ ሰነፍ፣ እጁ ይቆረጥ አልኩ። እንዲህ እየተሳደብኩ ቤቴ ገባሁ፤ ቦርሳዬን ከፍቼ የውጤት መዝገቡን አየሁ። የሽማግሌው ልጅ ውጤት፦ ከሃያ ዐሥራ ሰባት።

ክው አልኩ። ዐሥራ ሰባቱ የእሷ ነበር። የቴስቲኒው ስንት እንደነበር የሚያውቅ ሰው በምድር ላይ የለም።

ሜካኒኩ ጋ ደወልኩ። እውነቱን እንዳልነግረው አፍሬ "ትንሽ የተጣመመች መሰለኝ" አልኩት። "አብሽር፣ ሰኞ ኢንሻአላህ" አለና ዘጋው። ሌላ ሜካኒክ እንዳልፈልግ፣ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ጭሮ ውስጥ መፍቻ የሚያነሳ ሰው ከተገኘ አገሩን የማያውቅ እንግዳ ነው። ቀጠሮውን እንዳላዛውር ሦስት ሽማግሌ አስለምኜ የያዝኩት ቀጠሮ ነው። በሚኒባስ እንዳልልካቸው፣ ባለ መኪና ሰው ሽማግሌዎቹን በሚኒባስ ከላከ "መኪናዋ ምን ሆና ነው?" መባሉ አይቀርም። ዐይኔን በጨው አጥቤ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ጫንኳቸው።

የንስሐ አባቴ ከፊት፣ ጡረታ የወጡ አንድ አስተማሪና የቤት አከራዬ ሐጂ ከኋላ ተቀመጡ። ቁልቁለቱን ጀመርን። አባ ለጥቂት ጊዜ እጄን ሲያዩ ቆዩና፣

"ልጄ፣ ወዴት ልትታጠፍ ነው?"

"የትም አልታጠፍም፣ አባ።"

"ታዲያ መሪው?"

"ልማዷ ነው፣ አባ።"

መስቀላቸውን ከኪሳቸው አወጡ። ከኋላ ሐጂ "ቢስሚላህ" ሲሉ ሰማሁ። ከዚያ በኋላ በሁለት ሃይማኖት ጸሎት ነው የወረድነው። ባጃጅ ሁሉ ቀደመን። አንዱ ሲያልፍ "መምህር፣ ከብት ነው እንዴ የጫንከው?" ብሎ ጮኸብኝ። ተማሪዬ ሳይሆን አይቀርም።

ዕቅዴ ሽማግሌዎቹን ማዕዘኑ ላይ አውርጄ መጥፋት ነበር። ጠያቂ ከሽማግሌ ጋር አይገባም፤ ነውር ነው። ግን ለካ ያ ሁሉ የጎማ ለቅሶ ሚኤሶ የደረሰው ከእኛ ቀድሞ ነው። የልጅቷ አባት ነጭ ኩታቸውን እንደለበሱ መንገድ ላይ ወጥተው ቆመዋል። እንደ ትራፊክ ፖሊስ እጃቸውን አነሱ። ቆምኩ። ሌላ ምን ላድርግ?

"መሪውን ቀጥ አድርግ" አሉኝ፤ ደህና አደራችሁም የለም። ቀጥ አደረግኩ። ወደ ፊት ሄደው ጎማዋን በግራም በቀኝም አዩ። ኩታቸውን አውልቀው አጥሩ ላይ ሰቀሉና በዚያች ሚኤሶ ፀሐይ፣ በዚያ ንጹሕ ሸሚዝ፣ መኪናዋ ሥር ገቡ።

"ና፣ ግባ" አሉኝ። ገባሁ።

ሽማግሌዎቹ ደጃፉ ላይ ቀሩ። ባለቤታቸው ወጥተው "ግቡ፣ አረፍ በሉ" ሲሏቸው "የመጣንበት ጉዳይ ሳይሰማ አንቀመጥም" አሉ። ደንቡ ነው። ጉዳዩን የሚሰማው ሰው ግን መኪና ሥር ነው።

ሰውየው ብረቱን በጣታቸው ዳሰሱ። "ጎማው አዲስ ነው። ግራሶውም ደህና ነው። የሠራው ልጅ ሥራ ያውቃል። ዙሩን የቆጠረው ግን ማነው?"

እውነቴን ነው፣ "ሜካኒኩ" የሚለው ቃል ምላሴ ጫፍ ላይ ነበር። ማን ያውቅብኛል? እሱ ጭሮ ነው፣ እኔ እዚህ ነኝ፤ ልጅቷን የምወዳት እኔ ነኝ። ራሳቸውን አዙረው ከአንድ ስንዝር ርቀት ዐይን ዐይኔን አዩኝ።

"እኔ ነኝ" አልኩ።

"ሥራህ ምንድነው?"

"ሒሳብ ነው የማስተምረው።"

ብረቱን እንደገና ዳሰሱት። ሁሉንም ዘከዘክሁት፤ ሰላምታውን፣ ማሽላውን፣ የተማሪዬን ውጤት። ስለ ከብቱ ስደርስ ሆዳቸው መንቀጥቀጥ ጀመረ። ዐሥራ ሰባት ላይ ስንደርስ ሲስቁ ግንባራቸውን ከብረቱ ጋር አጋጩት። እኔም ፈርቼ ሳቅሁ።

ባለቤታቸውን ጠርተው የመፍቻ ሣጥናቸውንና ሲባጎ አስመጡ። ሲባጎውን ከኋላ ጎማ እስከ ፊት ጎማ ወጥረን፣ አንዱን ጫፍ እኔ ይዤ፣ እሳቸው ብረቱን ቀስ እያሉ ያዞሩ ጀመር። "አሁን ከመንገድ ቢጠሩህም አፍህን እንዳትከፍት" አሉኝ። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት። ሲባጎው ጎማውን ከዳር እስከ ዳር ነካው። "ሃያ አንድ ነበር" አሉ።

ከውጭ ያሉት አልቻሉም። የሐጂ ጉልበት ከድሮም ሕመምተኛ ነው፤ ፀሐዩም አናት ይበሳል። አስተማሪው ጉሮሯቸውን ጠረጉና ከመኪናው ሥር ለወጣው አራት እግር ንግግራቸውን ጀመሩ። "እንግዲህ ጌታው፣ የመጣንበት ጉዳይ… ልጅዎን ለልጃችን እንዲሰጡን…"

"እየሰማሁ ነው፣ ይቀጥሉ" አሉ ሰውየው፣ ዳዶውን እያጠበቁ። ስለ እኔ ምግባር፣ ስለ ጨዋነቴ፣ ስለ ትምህርቴ ሲነገር አጠገባቸው ተኝቼ ሰማሁ። "ጠንቃቃ ልጅ ነው" ሲባል በክርናቸው ጎሸም አደረጉኝ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ይለኝ ነበር።

ወጥተው እጃቸውን ታጠቡ፣ ኩታቸውን ለበሱ፣ ሽማግሌዎቹን አስቀመጡ፣ በደንቡ መሠረት መለሱ። ዘመድ ልጠይቅ፣ ልጅቷንም ልጠይቅ፣ ከሦስት ሳምንት በኋላ ተመለሱ አሉ። ከዚያ እኔን ለብቻ መኪናዋ ጋ ወሰዱኝ። አሁን አይስቁም።

"ሠላሳ ዓመት መንገድ ላይ ስኖር ያቺ ሚስቴ አንድ ቀን ደህና እንቅልፍ ተኝታ አታውቅም። አሁን ተራው የእኔ ነው። ልጄ ካንተ ጋር መንገድ ስትወጣ መተኛት እፈልጋለሁ። መኪና ይበላሻል፤ ሰውም ይሳሳታል። ሜካኒኩ ነው ብትለኝ ኖሮ መኪናህን አስተካክዬ እሸኝህ ነበር። ነገሩም በዚያው ያበቃ ነበር።"

"እሺ፣ አባባ" አልኩ።

"አባባ አትበለኝ፣ ገና አልሰጠሁህም። ቁልፉን አምጣ። የዚያኛውም ወገን የስካቶላ ጎማ ሊቀደድ ነው። እዚህ ትቆይ፣ በሦስት ሳምንቱ መጥተህ ትወስዳታለህ።"

በሚኒባስ ተጠጋግተን ወደ ጭሮ ተመለስን። ሐጂ መንገዱን ሙሉ አጉረመረሙ። "ልጅቷን ልናመጣ ሄደን መኪናውን አስረክበን መጣን! እንዲህ ያለ ሽምግልና የት አገር አለ?" አባ መስኮቱን ያያሉ፤ ትከሻቸው ግን በሳቅ ይንቀጠቀጣል። መናኸሪያ ልንደርስ ስንል ልጅቷ ደወለች። እንደ ወትሮዋ አልሳቀችም።

"አባዬ አሁን ደውሎልኝ ነበር" አለች። "ያንን የከባዱን መኪና ሸራ፣ ጡረታ ሲወጣ አጣጥፎ ያስቀመጠውን፣ ማንም እንዲነካው የማይፈቅደውን… አውጥቶ መኪናህን አልብሷታል። ፀሐይ እንዳይጎዳት ብሎ።"

ሐጂ ፊቴን አይተው "ምነው፣ ምን አሉ? መኪናውንም አንሰጥም አሉ?" አሉኝ።